ማሽኑ ሲቃጠል ባዮሱ የማን ነው?

ከካርቱም የወጣን ሰዎች በተገናኘን ቁጥር ወሬያችን ሁሉ ስለ ጠፋው ንብረት ነው። የማን ቤት እንደ ተዘረፈ፣ የማን መኪና እንደ ተወሰደ፣ የማን ሱቅ እንደ ተቃጠለ እናወጋለን። ከጥቂት ሳምንታት በፊት አዲስ አበባ ውስጥ በአንድ ወዳጃችን ቤት ለቡና ተሰብስበን ሳለ ተራው ደረሰኝና እኔም ያጣሁትን ተጠየቅሁ። ዴም ሰፈር በነበረችኝ አንዲት ክፍል ውስጥ ስላስቀመጥኋቸው ስድስት አሮጌ ፕሌይስቴሽኖች ተናገርሁ። በዚያ ክፍል ከ2003 እስከ 2009 (ከአንድ አዋጅ ቁጥር በቀር ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) የሰፈር ልጆችን በሰዓት እያስከፈልሁ አጫውት ነበር። አሁን ደግሞ የያኔዎቹን ጨዋታዎች በኮምፒውተር ላይ በኢሙሌተር፣ ማለትም የማሽኑን ጠባይ በሚያስመስል ፕሮግራም፣ ለመክፈት እየሞከርሁ መሆኔን ጨመርሁ።

በዚህ ጊዜ በሕግ ሙያ ረዥም ዘመን ያገለገሉ፣ እኔም እጅግ የማከብራቸው አንድ ሰው ሲኒያቸውን አስቀመጡና «ለመሆኑ ባዮሱን ከየት አመጣኸው?» ሲሉ ጠየቁኝ። እኒህን በሰባዎቹ የሚገኙ ሰው ይህን ቃል ማን እንዳስተማራቸው እንጃ፤ የልጅ ልጆቻቸው ሳይሆኑ አይቀሩም። ገና እንደማፈላልግ ስነግራቸው ራሳቸውን ነቀነቁ። «ማሽኑ በእጅህ ከሌለ ባዮሱን መያዝህ ስርቆት ነው። ትንሽ መሆኑ ስርቆትነቱን አያስቀረውም» አሉ። ቤቱም ተስማማ።

በዕለቱ መልስ አልሰጠሁም። ታላቅን ሰው በሰው ቤት መሞገት ደግ አይደለም። በጽሑፍ ግን ይቻላል፤ እርሳቸውም ይህን መጽሔት እንደሚያነቡ አውቃለሁ።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ አስቀድሞ ባዮስ ምን እንደሆነ ማስረዳት ይገባል። የሶኒ ኩባንያ ፕሌይስቴሽን ለመጀመሪያ ጊዜ ታኅሣሥ 3 ቀን 1994 በጃፓን ለገበያ ሲቀርብ፣ በውስጡ 512 ኪሎ ባይት የሚይዝ አንድ ቺፕ ነበረው። ይህ ዛሬ በስልክ ከምናነሣው አንድ ፎቶግራፍ ያነሰ ነው። ማሽኑ ሲበራ ያን የምናውቀውን ድምፅ የሚያሰማው፣ ሲዲ ከሌለም የሚሞሪ ካርዱን ዝርዝር በስክሪን ላይ የሚያወጣው በዚህ ቺፕ ላይ የተጻፈው ፕሮግራም ነው። ጨዋታው ከተጀመረም በኋላ ሥራው አያበቃም። ጨዋታው «የጆይስቲኩን ቁልፍ ንገረኝ፣ ካርዱን አንብብልኝ» እያለ የሚያዝዘው ይህንኑ ባዮስ ነው። የኢሙሌተር ደራስያን የማሽኑን ሌላ ክፍል ሁሉ፣ ፕሮሰሰሩን፣ ሥዕሉንና ድምፁን፣ አጥንተው በራሳቸው እጅ እንደገና ጽፈውታል። ባዮሱ ግን የሶኒ ሠራተኞች የጻፉት፣ የቅጂ መብት ያለው ድርሰት ነው። ስለዚህ ኢሙሌተሩ ያለ ባዮስ ይሰጥና ለተጠቃሚው «አንተ አምጣ» ይለዋል።

እስከዚህ ድረስ እኔና እርሳቸው አንለያይም። ባዮሱ ባለቤት አለው። «አሮጌ ስለሆነ የማንም አይደለም» ከሚሉት ወገን አይደለሁም፤ እነርሱን ወደ ኋላ አገኛቸዋለሁ።

የካርቱምንም እውነት አልደብቅም። ከኅዳር 1997 እስከ ጥቅምት 2017 ድረስ ሱዳን በአሜሪካ የንግድ ማዕቀብ ሥር ነበረች። በእነዚያ ሃያ ዓመታት ማሽኖቹ ወደ እኛ የመጡት ከዱባይና ከጅዳ በሚመለሱ መንገደኞች ሻንጣ ውስጥ ነው። ብዙዎቹ ሲደርሱን የማሽኑን የሲዲ ምርመራ የሚያታልል ትንሽ ቺፕ በብየዳ ተጨምሮባቸው ነበር። ሲዲዎቹም በገበያ የሚሸጡ ግልባጮች ነበሩ። እኔም ገዝቻለሁ፤ የተቀዳውን እያጫወትሁ ከልጆች ገንዘብ ተቀብያለሁ። ስለ ሲዲዎቹ የሚወቅሰኝ ቢኖር አንገቴን ደፍቼ እሰማለሁ። ማሽኖቹ ግን እውነተኛ የሶኒ ማሽኖች ነበሩ፤ የሚጠየቀው ዋጋ ለሻጩ ተከፍሎባቸዋል። ባዮሱም በውስጣቸው ነበር። እንግዲህ የዛሬው ክርክራችን በገንዘቤ ስለገዛሁት ነገር እንጂ ስለ ሲዲዎቹ አይደለም።

ወደ ሕጉ እንግባ፤ እርሳቸው የሚወዱት ሜዳ ነውና። የኢትዮጵያ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ስለ ኮምፒውተር ፕሮግራም የሚለው አለ። የአንድ ቅጂ ሕጋዊ ባለቤት ለማኅደር እንዲሆነው፣ ወይም በሕጋዊ መንገድ የያዘው ቅጂ ቢጠፋ፣ ቢወድም ወይም ከጥቅም ውጭ ቢሆን ለመተካት፣ ያለ ደራሲው ፈቃድ አንድ ቅጂ ማባዛት ይችላል። ይኸው አዋጅ ደግሞ ቅጂውን የመያዝ መብት ሲቋረጥ ቅጂው መወገድ እንዳለበት ያዛል። ጋሼ የቆሙት በዚህ በሁለተኛው ላይ ነው። ማሽኑ ሄዷል፤ መብቱም አብሮ ሄዷል ይላሉ።

እኔ የምጠይቀው መብቴ በምን ተቋረጠ ብዬ ነው። ማሽኖቼን አልሸጥሁም፤ ለማንም አልሰጠሁም። ሚያዝያ 15 ቀን 2023 ጦርነቱ ሲጀመር ክፍሉን ቆልፌ፣ በገዳሪፍ በኩል በመተማ ወጣሁ። ኋላ እንደ ሰማሁት ያ መስመር ሙሉ በሙሉ ነዷል። ሕግ አውጪው ቅጂው ይወገድ ያለበት ምክንያት ግልጽ ነው፦ ማሽኑን ሽጬ ቅጂውን ባስቀር አንዱ ግዥ ሁለት ይሆናል። ገዥው በማሽኑ፣ እኔም በቅጂው እንጠቀማለን፤ ሶኒ ግን የተቀበለው የአንድ ማሽን ዋጋ ብቻ ነው። በእሳት በጠፋ ማሽን ግን አንዱ ዜሮ ሆኗል። እኔ አንድ ቅጂ ብይዝ ዜሮው ወደ አንድ ይመለሳል እንጂ ሁለት አይሆንም። ማሽኑ ተቃጥሎ ሳይሆን ተዘርፎ ቢሆንስ? ያን ጊዜም የዘረፈው ሰው ሕጋዊ ባለቤት አይሆንም፤ ባለቤቱ እኔው ነኝ። «ቢወድም» የሚለው ቃል አዋጁ ውስጥ የገባው ለእንዲህ ያለው ቀን ካልሆነ ለየትኛው ቀን እንደሆነ ጋሼ ያስረዱኝ።

አንድ ጠንካራ ነገር ይቀራቸዋል፤ እኔው ልንገርላቸው። የምይዘው ቅጂ ከራሴ ማሽን የወጣ አይደለም፤ ሌላ ሰው ከራሱ ማሽን ያወጣው ነው። እዚህ ላይ እርሳቸው ከእኔ የተሻለ መቆሚያ አላቸው። እርግጥ የአንድ እትም ባዮስ ከአንዱ ማሽን ወደ ሌላው በአንዲት ባይት እንኳ አይለይም፤ ካርቱም ላይ የተቃጠለውና ለንደን ላይ በመደርደሪያ ያለው አንድ ናቸው። ሕግ ግን የፋይሉን መልክ ብቻ ሳይሆን የመጣበትንም መንገድ ይጠይቃል። አባዝቶ የሚያከፋፍለው ሰው ፈቃድ የለውም። ይህን አልክድም።

ነገር ግን ሕጉ ከዚህ ሁሉ በፊት የት እንደ ቆመ ማየት ያስፈልጋል። በ1999 መጀመሪያ ላይ ኮኔክቲክስ የተባለ የአሜሪካ ኩባንያ የፕሌይስቴሽን ጨዋታ በማኪንቶሽ ኮምፒውተር ላይ የሚያስኬድ ፕሮግራም አወጣ። ስቲቭ ጆብስ ራሱ በማክወርልድ ጉባኤ መድረክ ላይ አሳየው። ሶኒ ከሰሰ። የኮኔክቲክስ መሐንዲሶች የሶኒን ባዮስ ከማሽኑ አውጥተው፣ እየደጋገሙ ቀድተው አጥንተውታል። ለገበያ ባቀረቡት ምርት ውስጥ ግን የነበረው ራሳቸው የጻፉት እንጂ የሶኒው አልነበረም። የ9ኛው ወረዳ ይግባኝ ፍርድ ቤት በየካቲት 2000 ያ ለጥናት የተደረገ ቅጂ ተገቢ አጠቃቀም ነው ሲል ፈረደ። ሶኒ ተሸነፈ። በቀጣዩ ዓመት፣ በ2001፣ ያንኑ ፕሮግራም ገዛውና ከገበያ አወጣው። ብሊም የሚባለው ሌላው ኢሙሌተር ሠሪ ኩባንያም በዚያው ዓመት ተዘጋ፤ በፍርድ ቤት ተረትቶ ሳይሆን በክስ ወጪ ደክሞ።

ይህን የማነሣው ሶኒን ለመክሰስ አይደለም፤ ነጋዴ የንግዱን ያደርጋል። የማነሣው «ስርቆት» የሚለው ቃል ምን ያህል በቀላሉ እንደሚወረወር ለማሳየት ነው። በ2018 ታኅሣሥ ላይ ሶኒ ሃያ ጨዋታዎች የተጫኑበት ፕሌይስቴሽን ክላሲክ የተባለ ትንሽ ማሽን ለገበያ አቀረበ። በውስጡ የሚሠራው ኢሙሌተር ፒሲኤስኤክስ ሪአርምድ ነበር፤ ፈቃደኞች በትርፍ ጊዜያቸው ለሁሉም በነፃ የጻፉት ፕሮግራም። ሶኒ ይህን ማድረጉ ሕጋዊ ነው፤ ፈቃዱም ይፈቅድለታል፤ የሚነቀፍበት የለም። ነገር ግን ጋሼ አንድ ነገር ያስተውሉልኝ። የአሮጌ ጨዋታ ወዳጆች ለዓመታት የደከሙበት ሥራ ወደ ኩባንያው ሲሄድ በሩ ወለል ብሎ ተከፈተ። ከኩባንያው ወደ እኛ ሲሆን ግን በሩ የትኛው እንደሆነ እንኳ አይታወቅም። ሶኒ የመጀመሪያውን ፕሌይስቴሽን ማምረት ያቆመው በ2006 ነው። በኢንተርኔት ላይ ያለው መደብሩ አካውንት ሲከፈት ከሚዘረዝራቸው አገሮች መካከል ኢትዮጵያም ሱዳንም የሉም። በግንቦት 2024 ሄልዳይቨርስ 2 የተባለ የኮምፒውተር ጨዋታ የሶኒን አካውንት ይጠይቅ በተባለ ጊዜ፣ ያ አካውንት በማይከፈትባቸው ከ170 በላይ አገሮችና ግዛቶች ከሽያጭ እንዲወርድ ተደርጎ ነበር። ታዲያ «ለምን ገዝተህ አትጠቀምም?» ለሚለኝ፣ ገንዘቤን በእጄ ይዤ የትኛውን በር ላንኳኳ?

ችግሩም የእኛ ብቻ አይደለም። የአሜሪካው የቪዲዮ ጌም ታሪክ ፋውንዴሽን በሐምሌ 2023 ባወጣው ጥናት፣ በዚያ አገር ከ2010 በፊት ከወጡት ጨዋታዎች 87 በመቶው ዛሬ በገበያ ላይ አይገኙም። ሁሉ ነገር ይሸጥበታል በሚባለው አገር ይህ ከሆነ፣ ስለ ዴም ምን ይባላል?

አሁን ወደ ሌላኛው ወገን ልዙር፤ ከእነርሱ ጋር መቆጠር አልሻምና። «ሙሉ ጌም በአንድ ፍላሽ» እያሉ በየገበያው የሚሸጡ አሉ። አንዱን ገዝቼ አይቼዋለሁ። አራት ዓይነት ባዮስ አለበት፤ የፋይሎቹ ስም ተቀይሯል፤ የትኛው ከየትኛው ሞዴል እንደሆነ የሚያውቅ የለም፤ አንዱም ተቆርጦ ግማሽ ቀርቷል። እያንዳንዱ ባዮስ ማንነቱ የሚረጋገጥበት የታወቀ የመለያ ቁጥር አለው፤ ቁጥሩን ማስተያየት አንድ ደቂቃ ቢወስድ ነው፤ ሻጩ ይህን እንኳ አላደረገም። ከፋይሎቹ መካከል «ባዮስ» ተብሎ የተሰየመ፣ ሲነካ ራሱን የሚያስነሣ ፕሮግራምም ነበረበት። ባዮስ ኢሙሌተሩ የሚያነበው ፋይል እንጂ ተነክቶ የሚነሣ ፕሮግራም አይደለምና ያን የመሰለ ነገር የሚያገኝ ሰው ሳይነካው ይደምስሰው። እነዚህ ሰዎች ከእኔ ጋር በአንድ መዝገብ ሲቆጠሩ ያናድደኛል። እነርሱ የሚሸጡት የራሳቸው ያልሆነውን ነው፤ እኔ የምፈልገው የራሴ የነበረውን ነው።

ማሽኑ ዛሬም በቤቱ ያለው ሰው ደግሞ ምክንያት የለውም። ከ2021 ወዲህ በሚሞሪ ካርድ ላይ ብቻ በሚጫን ፕሮግራም፣ ማሽኑን ሳይፈቱና ሳይበይዱ የራስን ፕሮግራም ማስነሣት ተችሏል፤ ባዮሱንም በዚያው መንገድ ማውጣት ይቻላል። ፕሌይስቴሽን 2 ያለውም በዩኤስቢ ማውጣት ይችላል። ወንድሞቼ፣ ዛሬ አውጡት። እኔ «ነገ» ስል ነበር። በሌላም በኩል በነፃ የተጻፉ ምትክ ባዮሶች አሉ፤ ኦፕንባዮስ አንዱ ነው። በብዙ ጨዋታ ላይ ይሠራሉ። በመጀመሪያ እነርሱን መሞከር የሕግም የጨዋነትም መንገድ ነው።

ነገር ግን ምትኩ ሁልጊዜ አይበቃም። ጉዳዩ ከእግር ኳስ ጨዋታ የሚሰፋ መሆኑን ለማሳየት አንድ የቅርብ ምሳሌ ልጥቀስ። መሐመድ አል ሻሪኽ በ1982 ኩዌት ውስጥ የጀመሩት ሳኽር የዓረቡን ዓለም ኮምፒውተር ዓረብኛ ያስተማረ ድርጅት ነው፤ እርሳቸውም በ2024 ዐረፉ። ሳኽር በሰማንያዎቹ ዓመታት ኤምኤስኤክስ የተባሉትን ማሽኖች በዓረብኛ አዘጋጅቶ አሠራጨ። ኋላም ከሜጋ ድራይቭ የጨዋታ ማሽን ጋር የተዳበለ አንድ ሞዴል አወጣ። የዓረብኛው ፊደልና ዓረብኛ የሚቀበለው ቤዚክ የሚኖሩት በማሽኑ ሮም ቺፕ ላይ ነው። ለኤምኤስኤክስ ሲባዮስ የሚባል በነፃ የተጻፈ ምትክ አለ፤ ጨዋታ ያስነሣል። ቤዚክ ግን የለውም፤ ዓረብኛም የለውም። የሰማንያዎቹ ልጅ በዚያ ማሽን ላይ በዓረብኛ የጻፈው ፕሮግራም ሕያው ሆኖ የሚታየው አንድ ሰው ቺፑን ካነበበና ፋይሉን ካስቀመጠ ብቻ ነው። እኛም ብንሆን የግዕዝ ፊደል በ1999 ወደ ዩኒኮድ ከመግባቱ በፊት እያንዳንዱ ፕሮግራም የየራሱ የፊደል ቁጥር ነበረው። በዚያ ዘመን የተጻፈ አንድ ደብዳቤ የተጻፈበት ፊደል ሲጠፋ ወደማይነበብ ምልክት ይለወጣል። ይህ መጽሔት የሚያነቡት ሰዎች በአሮጌ ሲዲ ያስቀመጡትን የምርቃት ጽሑፍ ሊከፍቱ ሞክረው አያውቁምን?

ወደ ራሴ ነገር ልመለስ። ከካርቱም ስወጣ የመታወቂያዬንና የቤቱን ወረቀት ባስቀመጥሁበት ቦርሳ ውስጥ ሦስት ሚሞሪ ካርዶች ነበሩ። ሆን ብዬ አልያዝኋቸውም፤ የማይረባውን ይዞ የሚረባውን ጥሎ መውጣት የስደተኛ ልማድ ነው። አንዱ ካርድ 128 ኪሎ ባይት ይይዛል፤ የባዮሱ ሩብ መሆኑ ነው። በ15 ክፍሎች የተከፈለ ሲሆን፣ ከአንዱ ካርድ ክፍሎች በጥቂቱ ላይ ጎረቤታችን የነበረ አንድ ልጅ በፕሮ ኢቮሉሽን ሶከር 2 ያዘጋጀው ቡድን አለ። የተጫዋቾቹን ስም እየሠረዘ የሰፈሩን ልጆች ስም በላቲን ፊደል ጽፎበት ነበር። ለዚህ ሥራ ስንት ከሰዓት በኋላ እንዳሳለፈ እኔ አውቃለሁ፤ የሚከፍለው ሲያጣ ስለምምረው። ያ ልጅ አድጎ በሊቢያ በኩል ሄደ። ከሄደ ዐሥር ዓመት አልፎታል፤ ድምፁ አልተሰማም። እናቱ አሁን ጎንደር ናቸው። ካርዱ እንዳለኝ ስነግራቸው የጠየቁኝ አንድ ነገር ብቻ ነው፦ «የጻፈው ይታያል?»

በመጀመሪያ ከነፃ ምትኮቹ በአንዱ ሞከርሁ። ጨዋታው ተነሣ፤ ካርዱን ግን ባዶ ነው አለኝ። ከዚያ ጋሼ የሚወዱትን ንጹሕ መንገድ ፈለግሁ። ሶኒ ለፕሌይስቴሽን 3 የሚሆነውን የማሻሻያ ፋይል በራሱ ድረ ገጽ ላይ ለማንም በነፃ ያስቀምጣል። በዚያ ፋይል ውስጥ የመጀመሪያው ፕሌይስቴሽን ባዮስ አለበት፤ ፕሌይስቴሽን 3 አሮጌዎቹን ጨዋታዎች የሚያጫውተው በእርሱ ነው። ከማንም የፍላሽ ነጋዴ ሳልገዛ፣ ከባለቤቱ ከራሱ እጅ አወረድሁት፤ ከውስጡም ባዮሱን ለየሁት። የአጠቃቀም ውሉ «ለፕሌይስቴሽን 3 ብቻ» ይላል፤ አዎ፣ ይላል፤ አንብቤዋለሁ። ጋሼ በዚህ ሊከሱኝ ይችላሉ። ክሱን ሲጽፉ ግን ተበዳዩ ምን እንደ ጎደለበት በአንድ መስመር እንዲያሰፍሩልኝ እለምናለሁ።

ባለፈው ቅዳሜ ለእናቱ ደውዬ ስልኩን በስክሪኑ ፊት አቆምሁት። ላቲን ማንበብ አይችሉምና ስሞቹን ከግብ ጠባቂው ጀምሬ አንድ በአንድ አነበብሁላቸው። ሰባተኛው ላይ ስደርስ «እሱን ድገመው» አሉኝ።